«ሰው» ማለት ምን ማለት ነው?

የተከበራችሁ አባቶቼ፣ እናቶቼ፣ ወንድሞቼና እህቶቼ፣ እንደምን አመሻችሁ።

ኮሚቴው ስለ ዳኛ ኤልመር ዳንዲ እንድናገር ሲጠይቀኝ ደስ እያለኝ ነው የተቀበልኩት። ስማቸው ለብዙዎቻችን እንግዳ ነው። ግን ዛሬ የምነግራችሁን ፍርድ የሰጡት እዚሁ አሜሪካ፣ ኔብራስካ፣ ኦማሃ ከተማ ነው። ዓመቶቹንና ቀኖቹን በፈረንጅ አቆጣጠር እጠቅሳለሁ።

ዳንዲ በ1830 ኦሃዮ ውስጥ ተወለዱ። ጥብቅና ተምረው በ1857 ወደ ኔብራስካ መጡ። ያኔ ኔብራስካ ገና ስቴት አልሆነችም፤ ከዋሽንግተን የምትተዳደር ጠረፍ ነበረች። በዓመቱ የግዛቲቱ ሕግ አውጪ ምክር ቤት ገቡ። በ1863 የግዛቲቱ ዳኛ ሆነው ተሾሙ። ኔብራስካ በ1867 ስቴት ሆነች፤ በማግስቱ ዓመት እሳቸው የፌዴራል ዳኛ ሆኑ። በዚያው ሹመት ላይ እያሉ በ1896 አረፉ። የሕይወት ታሪካቸው ይኸው ነው። እኔን እዚህ ያቆመኝ ግን የ1879 ግንቦት ነው።

ፖንካ የሚባል ኢንዲያን፣ ማለትም የአሜሪካ ነባር ሕዝብ ነበር፤ ዛሬም አለ። አገሩ እዚሁ ኔብራስካ፣ ኒዮብራራ ወንዝ ዳር ነው። በ1868 መንግሥት ከሌላ ሕዝብ ጋር ውል ሲፈራረም የፖንካን መሬት በስህተት አብሮ ሰጠው። ስህተቱን ከማረም ይልቅ በ1877 ፖንካዎቹን ነቅሎ ዛሬ ኦክላሆማ ወደምንለው አገር ወሰዳቸው። ብዙዎቹ በበሽታ አለቁ። ከአለቆቻቸው አንዱ ማቹ ናዣ ይባሉ ነበር፤ ፈረንጆቹ ስታንዲንግ ቤር ይሏቸዋል፤ የቆመው ድብ ማለት ነው። ልጃቸው ሊሞት ሲል «አገሬ ቅበረኝ» አላቸው። አባትየው ቃል ገቡ። በ1879 ጥር መጀመሪያ፣ በዚያ ብርድ፣ የልጃቸውን አስከሬን በጋሪ ጭነው ወደ ሰሜን ጉዞ ጀመሩ። 30 ያህል ሰው አብሯቸው ነበር።

ሬሳ ወደ አገር መላክ ምን እንደሆነ እዚህ አዳራሽ ውስጥ ላለ ሰው ማስረዳት አይጠበቅብኝም። ስንቴ ገንዘብ አዋጥተናል?

ኔብራስካ ሲደርሱ ወታደር ያዛቸው። ሁለት የኦማሃ ጠበቆች፣ ዌብስተርና ፖፕልተን፣ በነፃ ቆሙላቸው። የመንግሥት ጠበቃው ክርክር አንድ ነበር፤ ሕጉ ያለ አግባብ የታሰረ «ሰው» ለፍርድ ቤት ያመልክት ይላል፣ ኢንዲያን ግን በዚህ ሕግ «ሰው» አይደለም አለ። ይህን ያለው በችሎት ፊት ነው።

ዳንዲ ምን አደረጉ? መዝገበ ቃላት ገለጡ። እኔ በሙያዬ አስተርጓሚ ነኝ፤ ይህን ባነበብኩ ቁጥር ልቤ ይሞቃል። ውሳኔያቸው ላይ ዌብስተር የሚባለውን የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ጠቀሱ (ከጠበቃው ጋር የስም መመሳሰል ነው)፤ «ሰው» ማለት ሕያው ነፍስ ነው፤ ወንድ፣ ሴት ወይም ልጅ ነው ይላል። ይህ ትርጉም ኢንዲያንንም ለማካተት በቂ ነው ብለው ጻፉ። ግንቦት 12 እነ ማቹ ናዣ እንዲፈቱ ፈረዱ። የእኛም የኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ በእኛ አቆጣጠር የ1952ቱ፣ በአንቀጽ 1 የሚጀምረው በዚችው ቃል ነው፤ በ«ሰው»።

አሁን ወደ መጣሁበት ጉዳይ ልግባ። ዳንዲ ያን ፍርድ ከመስጠታቸው በፊት ሽማግሌው እንዲናገሩ ፈቅደው ነበር። ማቹ ናዣ እንግሊዝኛ አይችሉም። እጃቸውን ዘረጉ። «ይህ እጅ ቀለሙ እንደ እናንተ አይደለም፤ ብወጋው ግን ያመኛል። የሚፈሰው ደም እንደ እናንተው ደም ነው» አሉ። ይህ ለችሎቱ የደረሰው በአስተርጓሚ አፍ ነው። አስተርጓሚ ባይኖርስ? አንድ ሽማግሌ እጁን ዘርግቶ በማይገባ ቋንቋ ሲናገር ብቻ ይታይ ነበር!

ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ ወንድማችን በመኪና ጉዳይ ተከሶ ቀረበ። አስተርጓሚ አልተጠራለትም። ዳኛው በተናገረ ቁጥር «ኦኬ» ይላል። እኛ «እሺ» ስንል «ሰምቻለሁ፣ ይቀጥሉ» ማለታችን ነው። እዚያ ግን አምኗል ተብሎ ተጻፈ። መንጃ ፈቃዱ ታገደ። ይህ ሰው አምስት ቤተሰብ የሚያስተዳድረው በሹፌርነት ነው። ወረቀቱን ይዞ ቤቴ ሲመጣ እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር። «እኔ እኮ ዳኛው ሲጨርሱ ልናገር ብዬ ነው» አለኝ።

ደግሞ የ10 ዓመት ልጅ እናቱን ሐኪም ፊት አስቀምጦ የሚያስተረጉምበት ቤት አለን። ሐኪሙ ዕጢ ነው ሲላት ልጁ ቃሉን አያውቀውም። «እማዬ፣ ትንሽ እብጠት ነው» አላት። ስምንት ወር ዘገየች። በዚህ ልጅ ትከሻ ላይ ይህን የጫነው ማነው? ጽሕፈት ቤቶቹ ናቸው። እኛም ነን! «ልጁ ይበቃል፣ ማን ሰውን ያስቸግራል» የምንለው እኛ ነን። ማስቸገር አይደለም፤ መብት ነው! ከፌዴራል መንግሥት ገንዘብ የሚቀበል ሆስፒታልም ሆነ ፍርድ ቤት በ1964ቱ የሲቪል መብቶች ሕግ መሠረት በሚገባችሁ ቋንቋ ሊያስተናግዳችሁ ግዴታ አለበት። ክፍያውም የእናንተ አይደለም።

ዳንዲን መልአክ አላደርጋቸውም። ጆን ኤልክ የሚባል ኢንዲያን በ1880 እዚሁ ኦማሃ ለመምረጥ ልመዝገብ ብሎ ተከለከለ። ክሱ እሳቸውም በተሰየሙበት ችሎት ውድቅ ሆነ፤ በ1884 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም አጸናው። ኢንዲያኖች ሁሉ ዜጋ የሆኑት በ1924 ነው። ማቹ ናዣ ግን ልጃቸውን ኒዮብራራ ዳር ቀብረዋል።

በሩ አጠገብ ጠረጴዛው ላይ ትናንሽ ካርዶች አሉ። በአንድ ወገን በአማርኛ፣ በሌላው በእንግሊዝኛ «አስተርጓሚ ይጠራልኝ» ይላል። ከመታወቂያችሁ ጋር አድርጉት። ዛሬ ላልመጡ እናቶችም ውሰዱላቸው። 200 አሳትሜአለሁ፤ ካለቀ እጨምራለሁ።

አመሰግናለሁ።