ጌታው በበቅሎ፣ ፈረሱ ከኋላ

የተከበራችሁ አባቶች፣ እናቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፣ እንደምን አመሻችሁ!

ስለ ድሮ ግልቢያ ተናገር ስባል የጠበቃችሁት አባ ታጠቅን፣ አባ ዳኘውን፣ አባ ነፍሶን ይመስለኛል። ቴዎድሮስም ምኒልክም ባልቻም በፈረስ ስማቸው ይፎከርላቸዋል፤ ይገባቸዋልም። እኔ ግን ስለ በቅሎ ልናገር ነው። በአገራችን ፈረስ የጦርና የጉግስ ነበር፤ ረጋ ብሎ አገር እያዩ መሄድ የበቅሎ ነው። መኳንንቱ መንገድ ሲወጡ ራሳቸው በበቅሎ ይቀመጣሉ፤ ፈረሱ ለቁም ነገር እስኪፈለግ እንዳይደክም ባዶውን ከኋላ ይሳባል።

በቅሎ ስል ሰጋሯን ማለቴ ነው። ሶምሶማ ወገብ ይነቀንቃል፤ ግልቢያ ወሬ አያስወራም። ሰጋር በቅሎ ግን በአንድ ጎን ያሉትን የኋላና የፊት እግሮቿን አከታትላ ስለምታነሳ ጀርባዋ አይነጥርም። የተቀመጠባት ሰው ከጓደኛው ጋር እያወጋ፣ «ይሄ ጤፍ የማነው?» እያለ ይሄዳል። የዓባይን በረሃ ወርዶ ለመውጣትም ከፈረስ ይልቅ የምትታመነው እሷ ናት። የተቀማጩን እግር ብታዩት ደግሞ ባዶ ነው፤ እርካቡ ጠባብ ቀለበት ስለሆነ የሚገባበት አውራ ጣቱ ብቻ ነው።

መንገዱም ወግ ነበረው። ቤተ ክርስቲያን ሲደርሱ ወርዶ መሳለም፣ ትልቅ ሰው ሲያጋጥም ወርዶ እጅ መንሳት። እንዲህ እየወረዱ እየወጡ መቼ እንደሚደርሱ አትጠይቁኝ!

አንድ ነገር ሳልናገር ባልፍ ግን ቅር ይለኛል። ይህ ሁሉ ምቾት የተቀማጩ ነበር። ጋሻና ጠመንጃ ተሸክሞ ከጎን በእግሩ የሚሮጠው አሽከር ቢጠየቅ፣ ያንኑ መንገድ በሌላ ቋንቋ ያወራልን ነበር።

በ1917 እ.ኤ.አ. የምድር ባቡር አዲስ አበባ ገባ፤ አውቶሞቢሉም እየበዛ ሄደ፤ የተቀማጭ በቅሎ ከከተማ ወጣች። ፈረሱስ ዘመድ አላጣም፤ በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተው የአገው ፈረሰኞች ማኅበር በየዓመቱ ጥር 23 እንጅባራ ላይ ያደምቀዋል። በቅሎን ግን «አባትህ ማነው ቢሉት ፈረስ አጎቴ ነው አለ» እያልን ስንስቅባት ኖርን፤ ለአጎትየው ቀን ቆርጠን ለእሷ አንዲት ከሰዓት እንኳ አልሰጠናትም።

ፊት ከተቀመጡት አባቶች መካከል በወጣትነታቸው በቅሎ ይገሩ የነበሩ አሉ። ሰጋር እንዴት እንደምትገራ የሚያውቁት እሳቸው ናቸውና ድምፅ ማጉያውን ልስጣቸው። አመሰግናለሁ።