ዛሬ ስንቴ ነጋ?

ሰላም ሰላም፣ እንዴት ናችሁ። ዛሬ ብቻዬን ነኝ፣ የተጻፈ ነገርም አልያዝኩም፣ ስለዚህ ወዲህ ወዲያ ካልኩ ታገሱኝ። ግማሾቻችሁ አሁን በ1.5 ፍጥነት እየሰማችሁኝ እንደሆነ አውቃለሁ፣ እኔም ሰው የምሰማው እንደዛው ነው፣ ቅር አይለኝም፣ ግን ወደሱ እመለስበታለሁ።

እየጻፍኩት ያለ አንድ የፈጠራ ታሪክ አለ፣ ሁለት ዓመት ሊሞላኝ ነው። እዛ ዓለም ውስጥ አስማተኞች ጊዜን እንደፈለጉ ያዙታል፣ አንዷን ሰዓት ወደ ኋላ ይመልሷትና የተሰበረው ሳይሰበር ክፉው ቃል ሳይነገር ይቀራል፣ ሰዉም ለምዶታል፣ ትከፍላለህ ይመለስልሃል በቃ። ይሄን እምቢ ያሉ መናንያን አሉ፣ ተራራ ላይ የሚኖሩ። እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ ያስገባኋቸው ለማሳቅ ነበር፣ ግትር ሽማግሌዎች ምናምን።

ከዛ አንድ ቀን እየጻፍኩ ድርቅ ብዬ ቀረሁ። ሰዓቷ ስትመለስ እነሱም አብረው ይመለሳሉ አይደል? ምንም አያስታውሱም። ታዲያ ያላወቅከውን ነገር እንዴት ነው የምትመንነው? ምግብ ትተዋለህ፣ እንቅልፍ ትቀንሳለህ። በ5ኛው ክፍለ ዘመን ሶርያ ውስጥ ዓምድ ላይ ከ35 ዓመት በላይ የኖረው ስምዖን እኮ ጥሎት የወጣው ዓለም ከእግሩ ስር ይታየው ነበር። የኔዎቹ ግን ምን እንደተወሰደባቸው እንኳን አያዩም።

እና እንዲህ አደረግኳቸው። በሳምንት አንድ ቀን ምናልባት ተሰርዞ ሊሆን ለሚችል ሰዓት ይጾማሉ፣ እዛ ሰዓት ውስጥ ለተወለደም ለታረቀም ለሳቀም ሰው ይጸልያሉ፣ ስም የለም፣ ዝም ብሎ ጸሎት። ማታ ማታ ደግሞ ትልቁ አባት ይነሳና «ዛሬ ስንቴ ነጋ?» ይላል፣ ሁሉም «አናውቅም» ይላሉ፣ ከዛ ይተኛሉ። ይሄን ከጻፍኩ በኋላ መሳቁ ቀረ።

መከራከሪያ ስፈልግላቸው ነው የመጽሐፍ ቅዱሱ ሕዝቅያስ ትዝ ያለኝ። ንጉሡ ታሞ ሊሞት ሲል አለቀሰ፣ 15 ዓመት ተጨመረለት፣ ለምልክቱም ጥላው 10 ደረጃ ወደ ኋላ ተመለሰ። ሁላችንም የምናውቀው እንደ ምሕረት ታሪክ ነው። ግን ቀጥሎ ያለውን ምዕራፍ ስትከፍቱ ልጁ ምናሴ ሲነግሥ የ12 ዓመት ልጅ ነበር ይላል፣ አስሉት እስቲ፣ የተወለደው በተጨመረው ዕድሜ ውስጥ ነው! 55 ዓመት ገዛ፣ ኢየሩሳሌምንም በንጹሕ ደም ሞላት። አገኘሁ ብዬ ጮቤ ረገጥኩ። ለጓደኛዬ ሳነብላት ግን ምን ብትለኝ ጥሩ ነው፣ «የምናሴ የልጅ ልጅ ኢዮስያስ አይደለም እንዴ? እሱ ደጉ ንጉሥስ?» አለችኝ። ዝም አልኩ። ሂሳቡ አይዘጋም ማለት ነው። ስለዚህ መናንያኑ ውጤቱ ክፉ ነው ብለው መከራከር አይችሉም፣ የሚቀራቸው አንድ ነገር ብቻ ነው፣ ሰዓቷ ያንተ ብቻ አልነበረችም የሚለው።

እሷ ግን አልለቀቀችኝም፣ «ልጅ ጉድጓድ ውስጥ ብትገባስ?» አለች። መልስ የለኝም። ትልቁ አባትም የለውም፣ ወርዶ አስከሬኗን ይሸከማል እንጂ እናቷን ቀና ብሎ አያያትም። እዚህ ጋር እኔ ራሴ እጠላቸዋለሁ።

እና አሁን ወደ ፍጥነቱ። አክስቴ ከመሞቷ በፊት ቮይስ ልካልኝ ነበር፣ አራት ደቂቃ ምናምን፣ ጫማዬን እያሰርኩ በ2 ፍጥነት ሰማሁት፣ መልሼ እደውላለሁ አልኩ፣ አልደወልኩም። ካለፈች በኋላ በራሱ ፍጥነት ከፈትኩት። መሃል ላይ «ቆይ አንዴ፣ በር ተንኳኳ» ትላለች፣ ስልኩን ታስቀምጣለች፣ ነጠላ ጫማዋ ሲንሸዋሸው ይሰማል፣ በሩ ሲጥ ይላል፣ ከዛ ረጅም ዝምታ። ከዛ ትመለስና «ማንም የለም እኮ» ብላ ትስቃለች፣ ብቻዋን፣ ለራሷ። በፍጥነት ስሰማው ይሄ ሁሉ ምንም አልነበረም፣ የተቆራረጠ ድምፅ ነው የመሰለኝ።

አስማተኛ መጥቶ ያቺን ጠዋት ልመልስልህ ቢለኝ እሺ ነው የምለው፣ አልዋሻችሁም፣ ያለኝን ሁሉ እከፍል ነበር፣ ቀድሜ እደውልላታለሁ፣ እናወራለን። ግን ከደወልኩላት ቮይሱን አትልከውም። በሩም ቢንኳኳ «ቆይ» ብላኝ ትሄድ ይሆናል፣ ወይ ወሬ ይዛ ጭራሽ አትሰማውም፣ ያቺ ሳቅም አትኖርም።

ምዕራፏን እስካሁን አልጨረስኳትም፣ ትልቁ አባት በር ላይ ቆሟል። ቻው በሉ።