ረዳቱ ሳይጠራ የሾፌሩ ታሪክ አይሞላም

የተከበራችሁ የሙያ አባቶቼ፣ ውድ እንግዶች፣

በዚህ የነባር አሽከርካሪዎች ቀን ስለ ሙያችን አጀማመር እንድናገር ስለ ጋበዛችሁኝ አመሰግናለሁ። እንግሊዛዊው ቤድ ቤንትሊ ከጅቡቲ ተነሥቶ ሲድሊ የተባለችውን መኪና በ1900 ዓ.ም. ለዳግማዊ ምኒልክ አዲስ አበባ ድረስ ማምጣቱን ሁላችሁም ታውቃላችሁ፤ በየመድረኩ የሚነገረውም ይኸው ነው። እኔ የመጣሁት ስለ ረዳቱ ለመናገር ነው።

አብዛኞቻችሁ መንዳት የጀመራችሁት ጭነት ላይ ተቀምጣችሁ ነው። ትሬንታ ኳትሮ የምንለው የጣሊያን የጭነት መኪና በጣርማ በር ዳገት እያቃሰተ ሲወጣ፣ ረዳቱ በዚያ ጉምና ብርድ ታኮውን አቅፎ ከኋላ ጎማው አጠገብ በእግሩ ይከተላል፤ ሞተሩ ጉልበት ካጣ መኪናው ወደ ኋላ ከመንሸራተቱ በፊት ታኮውን ጎማው ሥር ያስገባል። ለዚያች ቅጽበት ዝግጁ ለመሆን የሞተሩን ድምፅ ከሾፌሩ እኩል ማዳመጥ ነበረበት። ማርሹ የሚገባው ፍሪሲዮን ሁለት ጊዜ ተረግጦ፣ በመካከሉም ነዳጅ ተሰጥቶ ነበርና፣ ረዳቱ የሾፌሩን እግር በዓይኑ፣ የካምቢዮውን፣ የማርሽ ሳጥኑን፣ ጩኸት በጆሮው እየተከታተለ፣ ማንም ቁጭ አድርጎ ሳያስረዳው ተማረ። ቁልቁለት በከባድ ማርሽ እንጂ በፍሬን ብቻ እንደማይወረድ ያወቀውም ፍሬን ሲግል የሚሸተውን ሽታ አሽትቶ ነው። መሪ የሚሰጠው ከዚህ ሁሉ በኋላ፣ መኪናው ባዶ ሆኖ ሜዳ ሲገኝ ነበር።

ታዲያ ይህን ሰው ያልሠለጠነ የሚለው ማን ነው? ሌሊት ጎማ የፈታ፣ ማኖቬላ በሚባለው በእጅ የሚዞር ብረት ሞተር ያስነሣ፣ የሰው ንብረትና የሰው ነፍስ የጠበቀ ሰው፣ ወረቀት ስላልተሰጠው ብቻ እንዴት ተንጠልጣይ ተብሎ ይታለፋል? መኪናውን ያስመጣው ባለሀብት ስሙ ይጠራል፤ መኪናውን በዳገት ያቆመው ግን እስከ ዛሬ ስም የለውም። ይህ በደል ነው፣ ደግሜ እላለሁ፣ በደል ነው!

ስለ ማሠልጠኛዎችም ልናገር አስቤ ነበር። ዛሬ ተማሪው ኮፈን ሳይከፍት መንጃ ፈቃድ እንደሚይዝ ታውቁታላችሁና አላስረዝመውም።

የምጠይቀው አንድ ነገር ነው። መዝገቡ በሩ አጠገብ ተዘርግቷል። ከመውጣታችሁ በፊት ስማችሁን፣ በረዳትነት ያገለገላችሁበትን መኪናና መስመር፣ መሪ የሰጣችሁንም ሾፌር ስም አስጽፉ፤ መጻፍ ለሚያስቸግራችሁ አባቶች ልጆቻችን ይጽፉላችኋል።