ሻቶ ጋያር፦ በግንቡና በጠላት መሀል የቀሩት

ዮናስ፦ ዛሬ ፈረንሳይ ነን፣ ኖርማንዲ። ከሴን ወንዝ በላይ ገደል አፋፍ ላይ አንድ ፍርስራሽ አለ። ሻቶ ጋያር ይባላል።

ማርታ፦ ልበ አንበሳው ሪቻርድ ያሠራው አይደል? የእንግሊዙ ንጉሥ።

ዮናስ፦ አዎ። ያኔ ኖርማንዲም የእሱ ነበረች። የፈረንሳዩ ዳግማዊ ፊሊፕ ደግሞ ዓይኑን ጥሎባታል። እ.ኤ.አ. በ1196 ተጀምሮ በ1198 አለቀ። አስቢው፣ በሁለት ዓመት! ሪቻርድ በዘመኑ ለእንግሊዝ ግንቦች በሙሉ ካወጣው ገንዘብ ይበልጥ ፈጅቷል።

ማርታ፦ ብዙም አልቆየበትም ግን።

ዮናስ፦ በ1199 ሞተ፤ ወንድሙ ጆን ነገሠ። በ1203 ፊሊፕ መጥቶ ከበበው።

ማርታ፦ ከከበባው እኔን ያላስቻለኝ የሕዝቡ ነገር ነው። ከሥር ካለችው ከተማ የሸሹ ሰዎች ግንቡ ውስጥ ተጠልለው ነበር። አዛዡ ሮጀር ደ ሌሲ ስንቅ እንዳያልቅበት አስወጣቸው። መጀመሪያ የወጡትን የፊሊፕ ወታደሮች አሳለፏቸው። ፊሊፕ ሲሰማ ከለከለ። የኋለኞቹ ተመልሰው ቢመጡ በሩ ተዘግቷል።

ዮናስ፦ ያውም በዚያ ብርድ።

ማርታ፦ ሴቱ፣ ሕፃኑ፣ ሽማግሌው ሣር እየበላ ከረመ። ፊሊፕ በመጨረሻ ራርቶ እስኪያሳልፋቸው ብዙዎቹ አልቀዋል። ስለ ግንቡ ጥንካሬ ብዙ ይወራል፣ እነሱ ግን በአንድ መስመር ይታለፋሉ። ይሄ ያናድደኛል።

ዮናስ፦ ልክ ነሽ። የተቆጠበው ስንቅም ግንቡን አላዳነውም። ግቢው በጥልቅ ጉድባ የተለያየ ሦስት ክፍል ነበረው። የመጀመሪያውን ግንብ ከሥር ቆፍረው ናዱት። ሁለተኛው ግቢ የተያዘበት መንገድ ግን ይገርማል። የፊሊፕ ቄስ የነበረው ታሪክ ጸሐፊ ጊዮም እንደጻፈው፣ ጆን በኋላ ባስጨመረው ቤት መስኮት ጥቂት ወታደሮች ሾልከው ገቡ።

ማርታ፦ ሪቻርድ ያላሠራው መስኮት!

ዮናስ፦ ሦስተኛው ጋ ከዓለቱ የተፈለፈለ ድልድይ ነበር። ቆፋሪዎቹ እሱን ተከልለው ግድግዳውን ቦረቦሩት። መጋቢት 1204 ላይ ተያዘ። በዚያው ዓመት የኖርማንዲ ዋና ከተማ ሩዋንም እጅ ሰጠች፣ ኖርማንዲ ከጆን እጅ ወጣች።

ማርታ፦ የፈረሰው ታዲያ በዚያ ጦርነት ነው?

ዮናስ፦ አይደለም፤ ጠግነው ተጠቅመውበታል። እስር ቤትም ሆኗል። የፈረንሳዩ አልጋ ወራሽ ሚስት የቡርጎኝ ማርገሪት በ1314 እዚያ ታስራ በዓመቱ ሞታለች። ያስፈረሰው የፈረንሳዩ ንጉሥ ሄንሪ 4ኛ ነው፣ በ1599። የኖርማንዲ ሰዎች የታጠቀ ቡድን እንዳይመሽግበት ሰግተው እንዲፈርስ ጠየቁት።

ማርታ፦ ድንጋዩስ?

ዮናስ፦ የካፑቺን መነኮሳት ለገዳማቸው ሥራ እንዲወስዱ ተፈቀደላቸው።