ከአዲስ አበባ ይልቅ ቦምቤይ ትቀርበን ነበር

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ? ዛሬም ከድሬዳዋ፣ ከከዚራ ነኝ። የዛፉ ጥላ ባይኖር በዚህ ሙቀት ስለ ቴአትር ማውራት ቀርቶ ስሜም ይጠፋኝ ነበር።

ባለፈው ሳምንት አክስቴ ዘንድ ሄድኩ። ድሪያዋን ለብሳ ግቢው ላይ ውኃ ትረጫለች። ስለ ልጅነቷ ሲኒማ ስጠይቃት ጆጉን አስቀመጠችና ሻርፗን እንደ ቀንበር በትከሻዋ ይዛ፣ ጎንበስ ብላ ማረስ ጀመረች። በሕንዱ ፊልም በ«ማዘር ኢንዲያ» ተዋናይቷን ናርጊስን መሆኗ ነው። ጥርሷን መንከሷን እንኳ አልረሳችም።

«አስናቀች ወርቁንስ ታውቂያታለሽ?»

«ክራሯን ነዋ! በሬዲዮ።»

«ስትተውንስ?»

«እሷ ደግሞ ትተውን ነበር እንዴ ልጄ?»

ይህ መልስ ሳምንቱን ሙሉ ከነከነኝ። የሴቱን ቦታ ወንዶች ቀሚስ ለብሰው በሚጫወቱበት ዘመን፣ በ1940ዎቹ አጋማሽ፣ መድረክ ላይ ከወጡት ቀዳሚ ሴቶች አንዷ አስናቀች ናት። ኋላም ዛሬ ብሔራዊ በምንለው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ሠራች። ክራር መምታቱ ብቻ «አዝማሪ» ተብሎ ለመሰደብ በሚበቃበት ጊዜ፣ ሰው ፊት ቆሞ ማልቀስና ማፍቀር ሲጨመርበት ምን እንደሚባል እናንተው ገምቱ።

እሷ ወጣት ሳለች ግን ሀገሩ ገና ፊልም አልጀመረም። የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማን ነው?» የተሠራው በ1957 ዓ.ም. ነው፤ ጥቁርና ነጭ፣ ዳይሬክተሩም ግሪካዊ። «ማዘር ኢንዲያ» የወጣውም በ1957 ነው፤ የፈረንጆቹ 1957 መሆኑ እንጂ! ከዚያ «ጉማ» የተባለው የእኛው ፊልም እስኪመጣ 1966 ዓ.ም. ደረሰ። ዘጠኝ ዓመት! በዘጠኝ ዓመት ውስጥ ሙሽራ ሆና የምትተውን ሴት የሙሽራ እናት እንድትሆን ትጠየቃለች።

እርግጥ መድረክና ካሜራ ለየቅል ናቸው። ተማሪ ሳለሁ ቴአትር ሠርቼ ነበር፤ ከኋላ ወንበር የተቀመጠው እንዲሰማኝ እጮሃለሁ፣ ቅንድቤ ሳይቀር ይሠራል። ጓደኛዬ በስልክ ቀርጻ ብታሳየኝ ከጎረቤት ጋር የተጣላሁ እመስላለሁ። የመድረክ ሰው ለካሜራ ሲል ትንፋሹን መቀነስ አለበት፤ ለዚያም ደጋግሞ ካሜራ ፊት መቆም ያስፈልጋል። ያንን ዕድል ማን ሰጣቸው?

አክስቴን አልወቅሳትም። የጅቡቲው ባቡር ከ1895 ዓ.ም. ጀምሮ ፊታችንን ወደ ባሕር አዙሮታል። ለከዚራ ልጅ ከአዲስ አበባ መድረክ ይልቅ የሕንድ ፊልም የሚሠራባት ቦምቤይ ትቀርብ ነበር።

አስናቀች በ2004 ዓ.ም. መስከረም አረፈች። ትናንት ተመልሼ ሄድኩና ክራሯን በስልኬ ከፈትኩላት። አክስቴ ስልኩን ጆሮዋ ላይ አድርጋ ጥቂት አዳመጠችና፣ «እስቲ ፊቷን አሳዪኝ» አለችኝ። ፎቶግራፏን ሰጠኋት። በሁለት ጣቷ አጉልታ፣ ክራሩን ትታ፣ ዓይኗ ላይ ቆየች።

«ይቺማ ዝም ብላም ትናገራለች» አለችና ጆጓን አነሳች።