አልጋ ወራሽ የሌለው ግቢ፦ የማንዳሌ ቤተ መንግሥት የመጨረሻ ዓመታት

የተከበራችሁ እንግዶች፣ የታሪክ ወዳጆች፣ እንደምን አመሻችሁ።

የምሽቱ ርዕስ የበርማ ነገሥታት ነው ሲባል፣ ከመካከላችሁ «ደግሞ እነሱ ምናችን ናቸው?» ያለ አይጠፋም። የሚያገናኘን ነገር አለ፤ ቦታው ሲደርስ እነግራችኋለሁ። በቅድሚያ ግን ስለ ሰዎቹ ስለ ራሳቸው ልናገር። ዓመቶቹን በሙሉ የምጠራው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ዛሬ ምያንማር በምንላት ሀገር ላይ የነገሠው የመጨረሻው ሥርወ መንግሥት ኮንባውንግ ይባላል፤ ከ1752 እስከ 1885 ቆይቷል። ስለ አወዳደቁ በብዛት የሚነገረው ታሪክ አጭር ነው። ደካማ ንጉሥ ነበር፤ ጨካኝ ንግሥት ነበረችው፤ ዘመዶቻቸውን ፈጁ፤ ከዚያ እንግሊዝ መጥቶ ሕዝቡን ገላገለው ይባላል። እኔ በዚህ አልስማማም። ግድያው ተፈጽሟል፤ እሱን የሚክድ የለም። የማልስማማው ጥፋቱን ሁሉ በአንዲት የ19 ዓመት ወጣት ትከሻ ላይ መጫኑን ነው። ያ ግቢ ገና ሲመሠረት ጀምሮ «ከንጉሡ በኋላ ማን?» ለሚለው ጥያቄ መልስ አልነበረውም።

መሥራቹ አላውንግፓያ የአንድ መንደር ሹም ነበር። በስምንት ዓመት ውስጥ ሀገሪቱን አንድ አደረገ፤ በ1760 የሲያምን፣ የዛሬዋን ታይላንድን፣ ዋና ከተማ ከቦ ሲመለስ መንገድ ላይ ሞተ። ሊሞት ሲል ወንዶች ልጆቹ ሁሉ በዕድሜ ተራቸው እንዲነግሡ ተናዘዘ። ከልብ የመጣ የአባት ኑዛዜ ነው፤ ለመንግሥት ግን መርዝ ነበር። ታላቁ ነገሠ፣ ሁለተኛውም ነገሠ። ሁለተኛው ግን አልጋውን ለወንድሙ ሳይሆን ለገዛ ልጁ ለሲንጉ አወረሰ። በ1782 የታላቁ ወንድም ልጅ ሲንጉን ገልብጦ ተቀመጠ፤ የገዛው ሰባት ቀን ብቻ ነው። አጎቱ ቦዶፓያ እሱን አስገድሎ ነገሠና 37 ዓመት ገዛ። በ1837 ታራዋዲ ወንድሙን ንጉሥ ባጂዶን አወረደ። በ1853 ደግሞ ሚንዶን ወንድሙን ንጉሥ ፓጋንን አወረደ። እንግዲህ ከአባት ወደ ልጅ በሰላም የተላለፈውን ቁጠሩ ብትሉኝ ጣቴ ሁሉ አያስፈልገኝም።

እኛም ብንሆን የምንኮራበት መልስ አልነበረንም። የእኛ ነገሥታት ወንድሞቻቸውንና የአጎት ልጆቻቸውን አምባ ግሸን፣ በኋላም ወህኒ አምባ ላይ ያስጠብቁ ነበር። በርማዎቹ አምባ አልነበራቸውም።

ሚንዶን ከእነዚህ ሁሉ የተለየ ሰው ነው። ያወረደውን ወንድሙን አልገደለውም፤ ፓጋን ከዚያ በኋላ ከ20 ዓመት በላይ በሕይወት ኖሯል። ዋና ከተማውን ከአማራፑራ ወደ አዲሷ ማንዳሌ ያዛወረ፣ ሳንቲም ያስቀረጸ፣ ሹማምንቱ ከጉልት ይልቅ በደመወዝ እንዲኖሩ የሞከረ እሱ ነው። የቡድሃን ቅዱሳት መጻሕፍት በ729 የእብነ በረድ ሰሌዳዎች ላይ አስቀርጾ እያንዳንዱን ሰሌዳ በነጭ ጉልላት ሥር አቁሟል፤ ዛሬም ማንዳሌ የሚሄድ ሰው ያያቸዋል።

ግቢው እንዲህ ነበር። አራት ማዕዘን ነው፤ የእያንዳንዱ ጎን ግንብ ርዝመት ሁለት ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል። በየጎኑ ሦስት፣ በጠቅላላው 12 በሮች ነበሩት። ዙሪያውን ውሃ የሞላ ሰፊ ቦይ ይከበዋል። ግንቡ ጡብ ነው፤ ውስጡ ያለው ቤተ መንግሥት ግን ቲክ ከሚባለው ጠንካራ እንጨት ተሠርቶ በወርቅ የተለበጠ ነው። አብዛኛውም አማራፑራ ላይ ፈርሶ በዝሆን ተጎትቶ የመጣ ነበር። በስተ ምሥራቅ የአንበሳው ዙፋን አለ፤ በላዩ ሰባት ደረጃ ያለው ሹል ጣሪያ ቆሟል። ንጉሡ ሹማምንቱንና መልእክተኞችን የሚቀበለው እዚያ ነበር። በስተ ምዕራብ ደግሞ የሴቶቹ ክፍል ነው። ንግሥቲቱ የመኳንንቱን ሚስቶች የምትቀበልበት የራሷ ዙፋንና አዳራሽ እዚያ ነበራት።

ታሪኩን የሚጽፉት ብዙውን ጊዜ በምሥራቁ በር ገብተው በዚያው ይወጣሉ። የዚያ ቤት ጉዳይ ያልቅ የነበረው ግን በምዕራቡ በኩል ነው።

ሚንዶን ከ50 በላይ ሚስቶችና 110 ያህል ልጆች እንደነበሩት ይነገራል። ንግሥቶቹ በማዕረግ የተደረደሩ ናቸው፤ የየአንዳንዷ እልፍኝ ከንጉሡ መኝታ ያለው ርቀት በዚያ ማዕረግ ይወሰናል። ልዑሉም፣ ልዕልቲቱም፣ ንግሥቲቱም ከተማ በጉልት ይሰጣቸዋል፤ ግብሩን ይበላሉ፣ በከተማው ስምም ይጠራሉ። ኋላ የነገሠው ቲባው ስሙን ያገኘው በሻን ምድር ካለችው ጉልቱ ነው። አንድ ሰው ስንት ጃንጥላ ይያዝለት፣ ቢትል የሚባለው የሚታኘክ ቅጠል ማስቀመጫው ወርቅ ይሁን ብር፣ ቀሚሱ ምን ዓይነት ሐር ይሁን፣ ሁሉም በደንብ የተቆረጠ ነበር። ነጩ ጃንጥላ የንጉሡ ነው፤ ያለ ፈቃድ ነጭ ጃንጥላ ያስያዘ ሰው አልጋውን ተመኘ ማለት ነው። የመኳንንቱና የሻን ባላባቶች ሴቶች ልጆች በደንገጡርነት ይገባሉ። አባቶቻቸው ደጅ ጠንተው የማያገኙትን ወሬ እነሱ ውስጥ ሆነው ያደምጣሉ።

በዚህ ላይ ለጆሯችን የሚከብድ አንድ ልማድ አለ። ደሙ ንጹሕ እንዲሆን ንጉሡ በአባት የምትገናኘውን እኅቱን ዋና ንግሥት አድርጎ ያገባል። ለሚመጣው ንጉሥ ሚስት ትሆን ዘንድ አንዲት ልዕልት ሳትዳር ትቀመጣለች። ልብ በሉልኝ፤ ንግሥቲቱ ትታወቃለች፣ ንጉሡ ግን አይታወቅም። ስለዚህ ሴት ልጅ ያላት እናት ወንድ ልጅ ካላት እናት ያነሰ ጉልበት አልነበራትም።

ሚንዶን በመጀመሪያ አልጋ ወራሽ ሾሞ ነበር፤ ወንድሙን ካናውንግን። ካናውንግ ብርቱ ሰው ነው፤ የጦር መሣሪያ ፋብሪካውን የሚመራ፣ ወጣቶችን ለትምህርት ወደ አውሮፓ የሚልክ። በነሐሴ 1866 ሁለት የሚንዶን ልጆች፣ ሚዪንጉንና ሚዪንኮንዳይንግ፣ አጎታችን ለምን ይወርሳል ብለው ስብሰባ ላይ ሳለ ገደሉት። ንጉሡ ራሱ ለጥቂት ተረፈ። ሚዪንጉን ወደ እንግሊዞች ግዛት ሸሸ። ከዚያ በኋላ ሚንዶን አልጋ ወራሽ ለመሰየም ፈራ፤ የሚሰይመውን ልጅ ለሞት አሳልፎ የሚሰጥ መሰለው። አባትነቱን እረዳለሁ። ነገር ግን ከሁሉም ስሕተቶቹ ይህ የከፋው ይመስለኛል። 12 ዓመት ሙሉ በርካታ ጎልማሳና ወጣት ልጆች እርስ በርስ እየተጠባበቁ ኖሩ።

በ1878 ሚንዶን ታመመ። ዋናዋ ንግሥት ቀድማ ሞታ ስለነበር የምዕራቡን ክፍል የያዘችው ሲንብዩማሺን ናት። ይህችን ሴት ለመረዳት እናቷን ማወቅ ያስፈልጋል። እናቷ ሜ ኑ የንጉሥ ባጂዶ ንግሥት ነበረች፤ ታራዋዲ ወንድሙን ከገለበጠ በኋላ በ1840 አስገደላት። እንግዲህ ሲንብዩማሺን በዚያ ግቢ የተሸነፈ ወገን ምን እንደሚያገኘው ከልጅነቷ ታውቃለች። ወንድ ልጅ የላትም፤ ሦስት ሴቶች ልጆች አሏት። መካከለኛይቱ ሱፓያላት ትባላለች። ሱፓያላት ደግሞ ከገዳም የወጣ፣ በቅዱሳት መጻሕፍት ፈተና የተመሰገነ፣ እናቱ ከግቢ የተባረረችበት አንድ ዝምተኛ ልዑል ወዳለች። እሱም ቲባው ነው።

ታላላቅ ሹማምንቱም ቲባውን ፈለጉት። ዋናው ሹም ኪንዉን ሚንጂ በ1872 አውሮፓ ደርሶ የተመለሰ ሰው ነው፤ የንጉሡ ሥልጣን በምክር ቤት እንዲገደብ ይመኝ ነበር። ወገን የሌለው ልጅ ይታዘዘናል ብለው አሰቡ። ልዑላኑን «አባታችሁ ሊሰናበታችሁ ይሻል» ብለው አስጠሯቸውና ሲገቡ አሰሯቸው። ኛውንግያንና ኛውንግኦክ የተባሉት ሁለቱ ጠርጥረው ቀሩ፤ ወደ እንግሊዝ ወኪል ግቢ ሸሽተው አመለጡ። እናቶቹ አልቅሰው ለሚንዶን ቢነግሩት እንዲፈቱ አዘዘ፤ የሚሞት ንጉሥ ትእዛዝ ግን ከደጁ አልዘለለም። ጥቅምት 1 ቀን 1878 ሞተ፤ ቲባውም በ19 ዓመቱ ነገሠ።

ግድያው የመጣው በየካቲት 1879 ነው። የንጉሥ ደም መሬት አይንካ በሚለው ልማድ መሠረት ልዑላኑን በቀይ ከፋይ ከረጢት ከተው በዱላ ገደሏቸው ይባላል። የሟቾቹ ቁጥር ብዙ ጊዜ 80 ገደማ ተብሎ ይጠቀሳል፤ ሴቶችም ሕፃናትም ነበሩበት። ትእዛዙ ከማን አፍ ወጣ? ከሲንብዩማሺን፣ ከሱፓያላት፣ ከአንዳንድ ሹማምንት እያሉ ይከራከራሉ። እኔ የምለው ሌላ ነው። ያሰሯቸው አዛውንት ሹማምንት ናቸው። በቲባው ምትክ ከታሰሩት አንዱ ቢነግሥ ኖሮ ቲባውና ሱፓያላት ዕድሜያቸው ስንት ሳምንት ይሆን ነበር? ሚዛኑ ላይ ይህም ይቀመጥ።

ስለ ሱፓያላት አንድ ነገር ልጨምርና ልለፍ። ከኮንባውንግ ንግሥቶች መካከል ባሏ ሚስት እንዳያበዛ ያደረገችው እሷ ናት። እኅቶቿ ንግሥት ቢባሉም ለስም ነበር። ቲባው የአንድ ሹም ዘመድ የሆነች ወጣት ወድዶ ሊያስገባ ሲል ልጅቷ ተገደለች። ይህ የእውነት ጭካኔ ነው፤ ሰበብ አልፈልግለትም። የሚያስገርመው ግን 50 ሚስት ያላቸውን ነገሥታት በትዝብት የጻፉ የእንግሊዝ ጸሐፊዎች አንድ ሚስት ያለውን ንጉሥ «በሚስቱ የተረታ» ብለው ማላገጣቸው ነው።

እንግሊዞች በ1826 የባሕር ጠረፉን፣ በ1852 የደቡቡን በርማ ወስደው ነበር። ከ1870ዎቹ አጋማሽ ወዲህ መልእክተኞቻቸው በንጉሡ ፊት ጫማ አናወልቅም ስላሉ ከንጉሡ ጋር ፊት ለፊት መነጋገር ቀርቶ ነበር። በ1885 የበርማ ምክር ቤት አንድ የእንግሊዝ የእንጨት ኩባንያ የቆረጠውን ግንድ አሳንሶ ተናግሯል ብሎ ከሁለት ሚሊዮን ሩፒ በላይ ቀጣው። በዚያው ሰሞን ቲባው ከፈረንሳይ ጋር ይጎዳኝ ጀምሮ ነበር። የግንዱ ቅጣት ሰበብ ሆነ። በኅዳር ወር ጦሩ ኢራዋዲ ወንዝን በእንፋሎት መርከቦች ሽቅብ ወጣ፤ በሁለት ሳምንት ገደማ ማንዳሌ ደረሰ።

አሁን ቦታው ደረሰ። የዚህ ጦር አዛዥ ጄኔራል ሃሪ ፕሬንደርጋስት ነው። ይህ ሰው ከ17 ዓመት በፊት፣ በ1868፣ የሕንድ ማድራስ መሐንዲስ ወታደሮችን እየመራ መቅደላ አብሮ የነበረ መኮንን ነው። ቴዎድሮስ የወደቁበትን አምባ ያየ ዓይን የቲባውንም እጅ መስጠት አየ። ከሁለቱም ቦታ የተወሰደው ንብረት ለንደን ባለው ቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ተገናኘ። የማንዳሌው የንግሥና ዕቃ በ1964 ወደ በርማ ተመልሷል፤ የበርማ መንግሥት በምስጋና አንድ በወፍ ቅርጽ የተሠራ የወርቅ ዕቃ ለሙዚየሙ ትቶለታል። የመቅደላው የወርቅ ዘውድ እዚያው ነው። በ2018 በረጅም ጊዜ ውሰት ልንሰጣችሁ እንችላለን የሚል ሐሳብ መቅረቡን ታስታውሳላችሁ። የማንዳሌው ዕቃ ግን በውሰት አልተመለሰም፤ ለእኛ ሲሆን ዕቃው ለዘለቄታው እንዳይመለስ ይከለክላል ተብሎ የሚጠቀሰው ሕግ ያኔ የት ነበር ብሎ መጠየቅ ያለበት የእኛ ሰው ነው።

ኅዳር 29 ቀን 1885 ንጉሡና ንግሥቲቱ በበሬ በሚሳብ ጋሪ ወደ ወንዙ ወረዱ፤ ሕዝቡ በየመንገዱ ያለቅስ ነበር። በማግስቱ ግቢው የጦር ሰፈር ሆነ፤ የንግሥቲቱ አዳራሽ ቆይቶ የእንግሊዝ መኮንኖች መጠጫ ክበብ ሆነ። የቀረውን በ1945 ጦርነት እሳት በላው። የተረፈ አንድ ትልቅ ቤት አለ፤ ሚንዶን የሞተበት ነው። ቲባው የአባቱን መንፈስ ፈርቶ ቀደም ብሎ ከግቢ አስወጥቶ ለመነኮሳት ሰጥቶት ነበር።

ቤተሰቡ መጀመሪያ ማድራስ፣ ከ1886 ጀምሮ በሕንድ ምዕራብ ዳርቻ ባለችው ራትናጊሪ ተቀመጠ። ጡረታው አልበቃ እያለ ጌጡ በየጊዜው ተሸጠ። አራት ሴቶች ልጆች አደጉ። በድሮው ደንብ ከንጉሥ ልጅ በቀር የሚያገባቸው የለም፤ የንጉሥ ልጅ ደግሞ በራትናጊሪ ከየት ይምጣ? ታላቂቱ ከግቢው የሕንድ ዘበኛ ልጅ ወለደች፤ ሁለተኛይቱ የአባቷን ጸሐፊ አገባች፤ ሱፓያላት ይህችን ልጅ ይቅር አላለቻትም። አራተኛይቱ ግን ወደ በርማ ከተመለሰች በኋላ የቤተሰቧ ንብረት እንዲመለስ እንግሊዞችን ስለሞገተች ከራንጉን ርቃ እንድትቀመጥ ተደረገች፤ በ1936 ሞተች። ከአራቱ የቅድመ አያቷ የሜ ኑ ልብ የደረሳት እሷ ትመስለኛለች።

ቲባው በታኅሣሥ 1916 እዚያው ራትናጊሪ ሞተ። ሱፓያላት አስከሬኑን ይዛ ለመመለስ ብትጠይቅም አልተፈቀደላትም፤ በ1919 ያለ አስከሬኑ ወደ ራንጉን ተመለሰች፤ በ1925 ስትሞት በሽዌዳጎን ቤተ ጸሎት ሥር ተቀበረች። በ2012 የምያንማር ፕሬዚዳንት ቴይን ሴይን የቲባውን መቃብር ሄደው ጎብኝተዋል። አጽሙ ወደ ማንዳሌ ይመለስ የሚሉ አሉ። እኔ ብጠየቅ፣ ውሳኔው ለጄኔራሎቹም ለሕንድ መንግሥትም ሳይሆን ለልጅ ልጆቹ ይተው እላለሁ፤ ከእነርሱም አንዳንዶቹ ዛሬ በርማኛ ሳይሆን የራትናጊሪን ማራቲ ተናጋሪዎች መሆናቸው መልሱን ቀላል አያደርገውም።

አመሰግናለሁ። ጥያቄ ያላችሁ እጃችሁን አንሡ፤ ስለ ሲንብዩማሺን የሚጠይቅ ካለ ቅድሚያ እሰጠዋለሁ።