«ማየቱን እይ፣ ፎቶው ግን ይቅር»

እሺ... እየቀዳ ነው መሰለኝ። ሰላም ናችሁ? አብሽሩ፣ ዛሬ ስለ ፍቅር አላወራም፤ ባለፈው ያልኩት ለዓመት ይበቃችኋል። ዛሬም ሼባው ነው፣ ሞተር ሳይክሌ። አውቃለሁ፣ አውቃለሁ። እማዬ ራሷ «ያ ብረት ዛሬም ሊወራለት ነው?» ብላኝ ነው ወደ ጓዳ የገባችው። ግን ነገሩ ሞተሩ አይደለም። ማለት... ሞተሩም ነው። የከነከነኝ ግን የሰውዬው እጅ ነው።

ሼባው ኮምቦልቻ ላይ ጎረምሳ እንደሆነ ታውቃላችሁ። የሐረጎን ዳገት መውጣት ሲጀምር ያንቀዋል፣ ደሴ ሲገባ ጥቁር ጭስ ይተፋል፣ እኔም በሰው ፊት አፍራለሁ። ኮምቦልቻ 1,850 ሜትር ገደማ ላይ ነች፣ ደሴ ወደ 2,500። በዚያች አጭር መንገድ አየሩ ይሳሳል፣ ቤንዚንና አየር የሚቀላቅለው ካርቡሬተር ግን የታች አገሩን ቤንዚን ነው ማፍሰስ የሚቀጥለው። ካንዴላውን፣ እሳት የሚጭረውን፣ ስትፈቱት ጥላሸት ለብሶ ይወጣል።

መጽሐፉን ፍለጋ የገባሁት ለዚህ ነው። ከሞተሩ ጋር የሚሰጠውን ማለቴ አይደለም። እሱ ሄልሜት አድርጊ፣ ሰንሰለት ቀቢ፣ ከዚያ ወደ ጋራዥ ሂጂ ነው የሚለው። እኔ የፈለግኩት ሰርቪስ ማኑዋሉን ነው፤ የትኛው ብሎን በስንት ኃይል እንደሚጠብቅ፣ ሽቦው ከየት ወዴት እንደሚሄድ የሚናገረውን። የሼባውን ስም ብጽፍ ብጽፍ ምንም የለም። ታንከሩ ላይ የተለጠፈው ስም እኮ የነጋዴ ስም ነው፣ ማንም ይለጥፈዋል።

የሚያዋጣው የሞተሩ ሆድ ላይ የተመታው ኮድ ነው። ጥላሸቱን ጠርጋችሁ እዩት። የኔው 156ኤፍኤምአይ ይላል። 1 ማለት አንድ ሲሊንደር፣ 56 የሲሊንደሩ ስፋት በሚሊ ሜትር፣ ኤፍ በአየር የሚቀዘቅዝ፣ ኤም ሞተር ሳይክል፣ አይ ደግሞ 125 ሲሲ። የ150ዎቹ ላይ 162ኤፍኤምጄ ታገኛላችሁ። ኮዱ ብቻውን ግን አይበቃም፤ ቫልቩን የሚገፋው ዘንግ ነው ወይስ ሰንሰለት፣ እሱን መለየት አለባችሁ፤ ሁለቱም ያንኑ ኮድ ይዘው ይመጣሉ። ዘንግ ከሆነ አባቱ ሆንዳ ሲጂ 125 ነው፣ በፈረንጆቹ 1976 የወጣው። ቻይኖቹ የገለበጡት እሱን ነው፤ ስለዚህ የሆንዳው መጽሐፍ ለሼባውም በአመዛኙ ይሠራል። የሚያስቀኝ ምን መሰላችሁ? ያ ሞተር የተነደፈው እንክብካቤ ለማያገኝበት አገር ነው። መጽሐፍ ለሌለው ሰው ለተሠራ ሞተር መጽሐፍ ስፈልግ ከረምኩ።

እና ሰውዬው፣ መካኒኩ። የት እንደሆነ አልናገርም፣ ደሴ ጠባብ ናት። ጋሼ ነው የምለው። መሳቢያውን ሳበና ሽፋኑ የወለቀ መጽሐፍ አወጣ፤ የሆንዳው፣ ራሱ። ወረቀቱ የሻይ ቀለም ይዟል። የካርቡሬተሩን ገጽ ገልጦ ወደ እኔ አዞረልኝ። ራሱ ነው ያዞረልኝ! ጠርዙ ላይ በእርሳስ ተጽፏል። «ደሴ» ይልና ቁጥር፣ ከሥሩ «ባቲ» ይልና ሌላ ቁጥር። የነዳጅ ማሳለፊያዋ ቀዳዳ ልክ ነው። አንድ ሰው ከተማ በከተማ እየሞከረ ጽፎታል።

ስልኬን አወጣሁ። ጋሼ እጁን በጨርቅ ጠረገ፣ ጣት በጣት፣ ከዚያ መዳፉን ገጹ ላይ አሳረፈ። «ማየቱን እይ ልጄ፣ ፎቶው ግን ይቅር።» አልተቆጣም። ድምፁም አልተለወጠም።

እዚህ ላይ ነው የቆምኩት። መጀመሪያ ጠረገ እኮ! ሰው ሊከለክል ሲል እጁን ይጠርጋል? ወይስ ጨርቁን ያነሳው ስልኩን ሳላወጣ ነበር? እያደር እየተምታታብኝ ነው። መዳፉ ሲያርፍ «ደሴ» የሚለው ተሸፈነ፣ ቁጥሩ ሾልኮ ቀረ...

«ሴት ስለሆንሽ ነው» የምትሉኝን ከወዲሁ ሰምቻለሁ። አይደለም ወላሂ። ወዲያው የሞተሩን አናት፣ የቴስታታውን ክዳን ፈቶ ቫልቩን ያስተካከለልኝ እሱ ነው፣ በነፃ፣ እያሳየኝ። መለኪያው የጢም ምላጭ ነው! መጽሐፉ ሞተሩ ቀዝቅዞ 0.08 ሚሊ ሜትር ይላል፣ ምላጭ 0.1 ነው፤ እሱ «ገብቶ ትንሽ ያዝ ካደረገሽ በቃ» አለኝ። ሼባውም ፀጥ አለ፣ የኔ ጌታ። ከዚያ ቡና ቀርቦ ቶናው ሳይደርስ አትሄጂም ተባልኩ። እጁን የሚያሳይ ሰው ወረቀቱን ለምን ይደብቃል?

እንጀራው ነው አልኩ መጀመሪያ። ያ ቁጥር ስልክ ለስልክ ከዞረ ማን ወደሱ ይሄዳል? በኋላ ደግሞ የዘይት ካርቶን ላይ የጻፈውን አየሁ፤ የሱ ፊደል ድቡልቡል ነው። የእርሳሱ ቀጭንና ዘመም ያለ ነው። የሱ አይደለም። የማን ነው ታዲያ? መጽሐፉ ከ77ቱ ድርቅ ጊዜ ከመጡት የእርዳታ ሞተሮች የቀረ ይሆን? ዝም ብዬ ነው፣ ግምት ነው። አልጠየቅኩትም። ደግሞስ ምን ብዬ?

በነገራችን ላይ መጽሐፉን ከኢንተርኔት አገኘሁት። ያው ገጽ፣ ያው ሥዕል፣ ጠርዙ ግን ባዶ። አንዳንዶቹ የሆንዳ መጽሐፎች ከ2,000 ሜትር በላይ የሚቆይ ሞተር ቀዳዳው ይነስ፣ ከ1,500 በታች ሲወርድ ይመለስ ይላሉ። እሺ፣ ጠዋት ደሴ ከሰዓት ኮምቦልቻ የሚውልስ? እኔስ የቱ ነኝ?

...መጣሁ እማዬ! አንድ ደቂቃ!

እና ያ ሾልኮ የቀረው ቁጥር... አይቼዋለሁ። ዘጠና ስንት ነው። ወይም ሰማንያ ስንት። «እይ» ብሎኛል እኮ፣ ማየት ተፈቅዷል። ነገ መለዋወጫ ቤት ገብቼ ዘጠናዋን ስጡኝ ብል ያው ፎቶ ማንሳት ነው? አይ፣ እሱ ሌላ... ወይስ አንድ ነው? እናንተ ብትሆኑ... ኧረ መጣሁ አልኩሽ!